ፌስታል መስሎኝ በብብቴ የያዝኩት ጄሊፊሽ

ሚዛን ተፈሪ ተቀምጦ በባህር እንስሳ መታመም ይቻላል የሚለኝ ሰው ቢገጥመኝ ኖሮ ሻይ ጋብዤ ወደ ቤቱ እሸኘው ነበር። እኛ አገር ውሃ ማለት ዝናብ ነው፤ ከላይ ይመጣል፣ መንደሩን በጭቃ ለውሶ ይሄዳል። ባህር የሚባለውን ያየሁት በአርባ ስምንት ዓመቴ፣ ለአንድ ሳምንት ብቻ ነው። ያቺ ሳምንት ግን ከዚያ በኋላ ለሁለት ወር ያህል አሳከከችኝ፣ አሳመመችኝ፣ ትዳሬንም ልታሳጣኝ ምንም አልቀራትም። አሁን ድኛለሁ። ስለዳንኩም እየሳቅኩ እጽፈዋለሁ፤ ያን ጊዜ ግን ሳቅ የሚባል ነገር አልነበረም።

ጥላሁን እባላለሁ። ከሚዛን ወደ ቴፒ በሚወስደው መንገድ፣ ሸኮ አካባቢ ባለ አንድ የቡና ማጠቢያ ጣቢያ የማድረቂያ አልጋ ተቆጣጣሪ ነኝ። አልጋ የምንለው የታጠበው ቡና ፀሐይ ላይ የሚሰጣበትን፣ ከእንጨትና ከሽቦ የተሠራውን ቆጥ ነው። ሥራዬ ቡናው በሰዓቱ መገላበጡን፣ ዝናብ ሲመጣ መሸፈኑን፣ ከሁሉም በላይ ባዕድ ነገር እንዳይገባበት ማየት ነው። ቡና አጠገቡ ያለውን ሽታ ሁሉ ይወስዳል። ስለዚህ የብስኩት ወረቀት ሆነ የሲጋራ ቁራጭ፣ በተለይ ደግሞ ፌስታል ካየሁ እጄ አያርፍም። ሳላስበው በቀኜ አነሳለሁ፣ ግራ ብብቴ ስር እወሽቃለሁ፣ ቀኝ እጄ ወደ ቡናው ይመለሳል። ሃያ ዓመት እንዲህ ስል ኖሬ ሰው ሠርግ ላይ እንኳ ፌስታል እንደወሸቅኩ የተገኘሁበት ቀን አለ። ባለቤቴ ማርታ "ቤት ከመግባትህ በፊት ብብትህን ፈትሽ" ትለኛለች።

ማርታ የሚዛን ልጅ ናት፤ ቤንች ናት። እዚሁ ከተማ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ባዮሎጂ ታስተምራለች። ውሸት ቀርቶ የተጋነነ ወሬ እንኳ አትወድም። አንድ ነገር አሳምሬ ሳወራላት መነጽሯን ወደ አፍንጫዋ ዝቅ አድርጋ "ማስረጃህስ?" ትላለች። በዚህ ጠባይዋ ሃያ ዓመት ሙሉ ስቄባታለሁ።

ባለፈው ጥር የቡናው ሥራ ጋብ ሲል፣ ጅቡቲ ወደብ ላይ የሚሠራው ታናሽ ወንድሜ ደረጀ ሊያገባ ሆነ። ማርታ ፈተና እያረመች ስለነበር ብቻዬን ሄድኩ። መናኸሪያ ድረስ ሸኝታኝ አንድ ነገር ብቻ አስጠነቀቀችኝ። በስልኳ ላይ ስደተኞች የጫነች ጀልባ ስትገለበጥ አይታ ነበርና ከዚያ ወዲህ ባህር ሲባል ትፈራለች።

"ጥሌ፣ ባህሩን ዳር ቆመህ እየው። እግርህን እንዳታስገባ። ዋና አትችልም።"

"እኔ ምን ቆርጦኝ።"

"እንደሱ አይደለም። ቃል ግባልኝ።"

ቃል ገባሁላት። የገባሁትም ከልቤ ነበር።

ከሠርጉ ማግስት ደረጀና ጓደኞቹ ባህር ዳርቻ ወሰዱኝ። ዓይኔ ማረፊያ አጣ። ተራራ የለ፣ ዛፍ የለ፣ ውሃ ብቻ። ሰዉ ቁምጣውን ለብሶ ይገባል፣ ይወጣል፣ ይስቃል። ደረጀ "ወንድም ጋሼ፣ ግባ እንጂ፣ ከወገብህ አያልፍም" አለኝ። እኔም ቪዲዮ ቀርጬ ለማርታ አሳያታለሁ፣ ዳር ቆሜ ነው የቀረጽኩት እላታለሁ ብዬ ለራሴ ሰበብ ፈጠርኩ። ሸሚዜን አውልቄ በቁምጣ ገባሁ። ጥፋቴ እዚያ ላይ ይጀምራል።

ውሃው ወገቤ ጋ እንደደረሰ አንድ ነጭ፣ ስስ ፌስታል እየተንሳፈፈ መጣ። ይነፋል፣ ይሟሽሻል፣ መልሶ ይነፋል። ይህን የመሰለ ባህር ይዘው ፌስታል ይጥሉበታል ብዬ ተናደድኩ። ስልኬን በግራ እጄ ከፍ አድርጌ እንደያዝኩ በቀኜ አፈስ አደረግኩት። እንደ ቀዘቀዘ የቡላ ገንፎ ያዳልጣል። ቡና ያደነደነው መዳፌ ሌላ ምንም አልነገረኝም። አተላ የያዘ ፌስታል ነው ብዬ እንደ ልማዴ ግራ ክንዴን ዝቅ አድርጌ ብብቴ ስር ወሸቅኩት።

ወዲያው ጎኔ ነደደ። አንድ ማሳ ሙሉ ሳማ ላይ ራቁቴን የተንከባለልኩ ነው የመሰለኝ። ያንን ነገር ወርውሬ ወደ ዳር እንዴት እንደደረስኩ አላውቅም፤ ዋና አለመቻሌም ትዝ አላለኝም። የደረጀ ጓደኞች አሸዋ አንስተው ጎኔን አሹት፤ ባሰ። የታሸገ ውሃ አፈሰሱበት፤ ከዚያም ባሰ። በኋላ አንድ ሽማግሌ ዓሣ አጥማጅ መጥቶ እነሱን ገፋ አደረገና የባህሩን ውሃ ራሱን አፈሰሰብኝ። ቆዳዬ ላይ የቀሩትን ቀጫጭን ክሮች በካርድ ጠርዝ ጠርጎ አነሳ፣ ሻይ ቤት ልኮም እጅ የሚችለው ያህል ሙቅ ውሃ አስመጥቶ ጎኔን ነከረልኝ። ቋንቋውን አልሰማም፣ እጁ ግን የሐኪም እጅ ነበር። ትንሽ ቆይቶ ቀለል አለኝ። ሁለት ቀን ቀልቶ ቆየና ጠፋ። እኔም ቪዲዮውን አጠፋሁ፤ ደረጀንም "ለማርታ ትንፍሽ እንዳትል" አልኩት።

ሚዛን ከተመለስኩ በሁለተኛው ሳምንት፣ ጠዋት ሸሚዝ ስለብስ ግራ ጎኔ በላኝ። እስከ ቀትር ድረስ ከጀርባዬ አጠገብ ተነስቶ ወደ ደረቴ የሚሄድ ቀይ መስመር ወጣብኝ፤ ላዩ ላይ ውሃ የቋጠሩ ትንንሽ ነገሮች ተደርድረውበታል። ጣቢያው ላይ ቡና የሚለቅሙት ሴቶች ተሰብስበው አዩኝና ከጥላ ዛፉ አባጨጓሬ ወድቆብህ ነው አሉ። ጎረቤታችን እማማ አልጋነሽ ደግሞ ገና ከበር "ምች ነው" ብለው ዳማከሴ ጨምቀው አሸተቱኝ፣ ጎኔንም ቀቡኝ። ለሽታው ደስ ይላል። መስመሩ ግን እየሰፋ ሄደ።

በሦስተኛው ቀን ከማርታ ጋር ወደ አንድ ክሊኒክ ሄድን። የጤና ባለሙያው ሸሚዜን ገለጥ አድርጎ ብዙም ሳይቆይ "አልማዝ ባለጭራ" አለ። አልማዝ ባለጭራ በልጅነት ከያዘን የጉድፍ በሽታ ተርፎ ነርቭ ውስጥ ተኝቶ የሚኖር ቫይረስ የሚያመጣው ነው፤ ሰውነት ሲደክም ነቅቶ በአንድ ወገን በመስመር ይወጣል።

"ራቅ ያለ ቦታ ሄደህ ነበር?"

"ጅቡቲ።"

እስክሪብቶው ቆም አለ። "ለጥንቃቄ የኤችአይቪ ምርመራ እናድርግ። አልማዝ ባለጭራ ሽማግሌም ሆነ የደከመው ሰው፣ ማንንም ሊይዝ ይችላል፤ ግን ማወቁ ይሻላል" አለ። በጨዋነት ነው የተናገረው። ውጤቱም ነጻ ነበር። እኔ ልነሳ ስል ግን "በቅርብ የተያዘ ከሆነ አሁን ላይታይ ይችላል፤ ከሦስት ወር በኋላ ይደገም" ብሎ ጨመረ።

ስንወጣ ማርታ ጃንጥላዋን ሳትዘረጋ ዝናቡ ውስጥ ቆመች።

"ጅቡቲ ምን ሆንክ?"

"ምን እሆናለሁ? ሠርግ በላሁ፣ መጣሁ።"

"ምንም አልተፈጠረም?"

"ምንም።"

ባህሩ ትዝ አላለኝም ብል ውሸት ነው። ግን የዚያ ነገር ቁስል ድኖ ጠፍቶ ነበር፤ የዳነ ነገር ምን ያደርጋል ብዬ አሰብኩ። ደግሞም ቃሌን እንደበላሁ ከምታውቅ ዝም ብል ይሻላል አልኩ። እሷ ፊቴን ታያለች፤ ሃያ ዓመት ያየችው ፊት ነው። የሆነ ነገር እንደደበቅኩ አውቃለች። ምን እንደደበቅኩ አለማወቋ ነበር ችግሩ።

ቤት ስንደርስ ሳሎን ፍራሽ አነጠፈችልኝ። "እንዲመችህ ነው" አለች። ሾርባ ታመጣለች፣ ጎኔን በንጹሕ ጨርቅ ትሸፍናለች፣ አሲክሎቪር የሚባለውን ክኒን በቀን አምስት ጊዜ በሰዓቱ ታቀብለኛለች። ወሬያችን ግን "ዋጥክ?" "ዋጥኩ" ብቻ ሆነ። እኔ ሴትዮዋን አውቃታለሁ፤ ብትቆጣ እችለው ነበር። ዝምታዋ ግን አስፈራኝ። ሦስት ወር ሙሉ እንዲህ ሆነን መቆየት አንችልም፣ ከዚያ በፊት ጥላኝ ትሄዳለች የሚል ሐሳብ ልቤ ውስጥ ገባ፤ ከማሳከኩ ይልቅ የሚያቃጥለኝ እሱ ሆነ።

መንደሩም ዝም አላለም። "ጅቡቲ ሄዶ ነበር አሉ" የምትለው አረፍተ ነገር ከእኔ ቀድማ ገበያ ትደርስ ነበር። አንዳንዱ ደግሞ ሊያጽናናኝ መጥቶ "አልማዝ ባለጭራ ዞሮ ራሱን ከገጠመ ሰው አያተርፍም" ብሎኝ ይሄዳል። ውሸት መሆኑን ማርታ ነግራኛለች። ቢሆንም ጠዋት ጠዋት በክር እለካው ነበር። አንድ ቀን እየለካሁ ያዘችኝ፤ ከንፈሯ ላይ ሳቅ ሊመጣ ሲል መለሰችው። ያን ሳቅ መመለሷ በጣም አሳዘነኝ።

ክኒኑ አልቆ ሳምንታት ቢያልፉም ምንም ለውጥ ሲጠፋ እማማ አልጋነሽ ሸዋ ቤንች ከሚባለው አካባቢ መድኃኒት ያውቃል የተባለ ሰው አመጡልኝ። አረንጓዴ ነገር ወቅጦ ለጠፈብኝ። ማርታ ይቅርብህ ብላኝ ነበር፤ እኔ ግን መዳን ብቻ ሳይሆን በፍጥነት መዳን ነበር የምፈልገው። በማግስቱ ቆዳው ተላጠ፣ መግል ያዘ፣ ትኩሳት ጀመረኝ። ወደ ሆስፒታል የሄድነው በዚያ ነው።

የተመላላሽ ታካሚ ወረፋ የሚጠበቅበት አግዳሚ ላይ ተቀመጥን። እዚያ ሁሉም ሐኪም ነው። አንዷ የሚጥል በሽታ ላለበት ወንድሟ ካርድ ልታወጣ መጥታ ስለኔ ጎን ሙሉ ማብራሪያ ሰጠችኝ። አንድ ከሸኮ የመጡ ገበሬ ደግሞ ምንም ሳይጠይቁ "ልጄ፣ ትኩሳት አለብህ፣ ፊትህ ያስታውቃል፤ የኔ እግር ነው፣ ይቆያል" ብለው ተራቸውን ለቀቁልኝ። ስማቸውን ሳልጠይቅ ቀረሁ። እስካሁን ይቆጨኛል።

ዶክተሯ ወጣት ናት። ማርታ ውጭ ቀርታ ብቻዬን ገባሁ። ጎኔን ለረጅም ጊዜ አየች፤ ቸኩላ አልፈረደችም። ከዚያ ክንዴን ከፍ አድርጋ የውስጠኛውን ወገን አየች። እዚያም ቀይ መስመር ነበረ፤ እኔ ራሴ ከቁም ነገር አልቆጠርኩትም።

"ክንድህን ቀስ ብለህ አውርደው። ተወው፣ እንደዛ ጎንህ ላይ ይረፍ።"

አወረድኩት። ጎንበስ ብላ አየችና ፈገግ አለች። የክንዴ መስመርና የጎኔ መስመር ልክ እንደ ማኅተም ገጥመዋል።

"አልማዝ ባለጭራ ነርቭ ተከትሎ ነው የሚሄደው፤ ክንድና ጎን ላይ እንዲህ ተገጣጥሞ አይታተምም። ጋሽ ጥላሁን፣ በብብትህ ስር ምን ይዘህ ነበር?"

ምላሴ ሳያማክረኝ "ፌስታል" አለ።

ከዚያ ሁሉንም ነገርኳት፤ ባህሩን፣ የሚያዳልጠውን ነገር፣ ዓሣ አጥማጁን። ሰምታ ስትጨርስ "እኔ ጄሊፊሽ በመጽሐፍ ነው የማውቀው፤ አንድ ጊዜ ከነደፈ በኋላ ቆይቶ ሰውነት ሲቆጣ ቁስሉ እንደገና እንደሚወጣ አንብቤያለሁ፤ ታካሚ ግን አይቼ አላውቅም" አለች። ትንሽ አሰበችና "ውጭ ያለችው ባለቤትህ ምንድን ናት ሥራዋ?" ብላ ጠየቀችኝ።

"የባዮሎጂ መምህርት።"

"ታዲያ ይሄን ሁሉ ጊዜ ለምን አልነገርካትም?" አለችኝ። በመላው ሚዛን ይህን በሽታ ሊያውቅ የሚችል ሰው ቢፈለግ የምትገኘው ሳሎን ፍራሽ ያነጠፈችልኝ ሴት ነበረች።

ማርታ ተጠርታ ገባች። ዓይኗን ሳላይ፣ ዶክተሯ ፊት፣ ቃሌን ካጠፍኩበት ጀምሬ ተናገርኩ። አላቋረጠችኝም። ስጨርስ እጇ ቦርሳዋን ጨብጦ እንደያዘ ነበር።

"እንደ ጃንጥላ ይዘረጋና ይሰበሰብ ነበር?"

"ይነፋል፣ ይሟሽሻል።"

"ከስሩ ክር ነበረው?"

"እኔ አላየሁትም። ቆዳዬ ነው ያየው።"

"ማስረጃህስ?"

ቪዲዮዬን አጥፍቻለሁ። ደረጀ ጋ ደወልኩ። ምስኪን ወንድሜ መጀመሪያ "ወንድም ጋሼ ባህር ውስጥ ገብቶ አያውቅም" ብሎ በታማኝነት ካደልኝ። "ደርዬ፣ አሁን ተናገር፣ ትዳሬ ነው" ስለው ዳር ሆኖ የቀረጸውን በቴሌግራም ላከው። አንድ ቦርጫም ሰው ስልኩን ሰማይ ላይ ሰቅሎ፣ ጉልበቱን እስከ አገጩ እያነሳ ከባህር ሲሸሽ ይታያል። ማርታ አንዴ አየችው። ደገመችው። በሦስተኛው ዶክተሯን ተደግፋ ሳቀች፤ ከሳቁ መሀል ግን እንባዋ ወረደ።

"ሌላ ሴት ነበር የመሰለኝ" አለች። "ባህር መግባትህን በአንድ ቀን እረሳው ነበር። አምስት ሳምንት ይሄን ይዤ ክፍል እየገባሁ ሳስተምር አንተ ታይ ነበር።"

ይቅርታ ጠየቅኳት። እሺ አላለችም፤ መነጽሯን ጠርጋ መልሳ አደረገች እንጂ።

መድኃኒቱ ቀላል ነበር። ለመግሉ ክኒን፣ የሰውነትን ቁጣ የሚያበርድ ቅባት፣ ማሳከኩን የሚያስታግስና እንቅልፍ የሚያመጣ ሌላ ክኒን። በሦስት ሳምንት ውስጥ ቁስሉ ደረቀ። አሁን ጠቆር ያለች መስመር ብቻ ቀርታለች። እንቅልፍ በሚያመጣው ክኒን ምክንያት አንድ ቀን ሰዉ ሁሉ እያየኝ የቡናው አልጋ ስር ተኝቼ ተገኝቻለሁ፤ እሱን ማርታ እንዳትሰማ ብዬ ነበር፣ አሁን ግን መደበቅ ስላቆምኩ ራሴ ነገርኳት።

በሕመሜ ጊዜ የተማርኩት ባዮሎጂ ይበቃኛል። ጄሊፊሽ አንጎል የለውም፣ ልብ የለውም፣ አጥንት የለውም፤ ሰውነቱ ሊባል የሚችለው ከሞላ ጎደል ውሃ ነው። በዓለም ባህር ሁሉ ይኖራል። ሞቃቱ ላይ አለ፣ በረዶ የሚጋገርበት ላይ አለ፣ ፀሐይ የማይደርስበት ጥልቅ ውስጥም የራሱን ብርሃን እያበራ የሚኖር አለ። ማዕበልና ንፋስ ወደ ወሰደው ይሄዳል፤ ለዚህ ነው ዳር ድረስ የሚመጣው። ክሮቹ ላይ ያሉት መንደፊያዎች ሲነኩ ይተኮሳሉ፤ ሞቶ አሸዋ ላይ የወደቀው እንኳ ይናደፋል። ማርታ ይህን ሁሉ ስትነግረኝ ቅናት ነበረባት። "አሥራ ስድስት ዓመት በጠመኔ ሣልኩት። አንድ ቀን እንኳ አይቼው አላውቅም። አንተ በብብትህ አቅፈኸው መጣህ" ትለኛለች። የባህር ኤሊ ጄሊፊሽ ስለምትበላ ፌስታል ስታይ ጄሊፊሽ መስሏት ትውጣለች አሉ፤ ሆዷን ዘግቶ ይገድላታል። "አንተ ደግሞ ጄሊፊሹን ፌስታል ነው ብለህ አነሳህ። ከኤሊ ጋር ተማክራችሁ ብትሠሩ ባህሩ ይጸዳ ነበር" አለችኝ። አሥራ አንደኛ ክፍል ድረስ ወስዳኝ ጎኔን ለተማሪዎቿ አሳይታለች። አንዱ ተማሪ "ጋሼ፣ ይበላል?" ብሎ ጠየቀኝ። እሱ ነው የበላኝ አልኩት።

ባህር የምትሄዱ ካላችሁ ዓሣ አጥማጁ ያደረገውን አስታውሱ፤ አታሹት፣ የመጠጥ ውሃም አታፍሱበት፤ ትንፋሽ የሚያጥራችሁ ከሆነ ደግሞ ወደ ሐኪም ሩጡ። ባህር የማትሄዱት ደግሞ፣ ሐኪም ሲጠይቃችሁ የሚያሳፍረውንም የዳነውንም ንገሩ። እኔ አንዲት አረፍተ ነገር በመደበቄ አምስት ሳምንት የሌለብኝን በሽታ ታከምኩ።

ሦስተኛው ወር ሲደርስ ዶክተሯ ድጋሚ ምርመራው አያስፈልግም ብትልም ራሴ ጠይቄ ከማርታ ጋር ሄድን። እሷ ማስረጃ ትወዳለች፤ እኔም ማስረጃ ልሰጣት ፈለግኩ። የኤችአይቪ ምርመራ አማካሪዋ "ምን አጠራጥሯችሁ ነው?" ስትል ሁለታችንም በአንድ አፍ "ጄሊፊሽ" አልን። ልጅቷ ወረቀቷ ላይ ምን ብላ እንደሞላችው አላውቅም። የሁለታችንም ውጤት ነጻ ሆነ።

ባጃጅ ይዘን ወደ ቤት ስንመለስ ዝናብ ጀመረ። ማርታ ወደ ውጭ እያየች፣ ፊቷን ሳታዞር "እዚያ ምርመራ ክፍል የዛሬው ሁለተኛዬ ነው" አለችኝ። "ክሊኒክ በሄድን በሳምንቱ ብቻዬን ሄጄ ነበር።"

"ልትመረመሪ?"

"እሱንም ተመርምሬያለሁ። የሄድኩት ግን ልጠይቅ ነው። ከባልና ሚስት አንዱ ቫይረሱ ቢኖርበት ሁለቱ አብረው እንዴት እንደሚኖሩ።"

እኔ ሳሎን ፍራሼ ላይ ሆኜ መቼ ትሄድ ይሆን እያልኩ ቀን ስቆጥር፣ እሷ እንዴት እንደምንኖር ጠይቃ ተመልሳለች። ውሸቴን ይዛ፣ ንዴቷን ይዛ፣ ግን አብራኝ ለመኖር ወስና።

"ምን አሉሽ?" አልኳት።

"መድኃኒቱን በሰዓቱ ከወሰደ እስከ እርጅና ይኖራል አሉኝ። አንተ ደግሞ ሰዓት አታውቅም። እኔ እይዝልሃለሁ ብዬ ተመለስኩ።"

ጄሊፊሹ ሲነድፈኝ ያላለቀስኩት ሰውዬ ባጃጅ ውስጥ አለቀስኩ። ሾፌሩ በመስታወቱ አይቶኝ ፍጥነቱን ቀነስ አደረገ።

"ጋሼ፣ ውጤቱ ጥሩ አይደለም እንዴ?"

"ጥሩ ነው" አልኩት። "ባይሆንም ጥሩ ነበር።"